ሽቦው ጠበቅ ቢደረግ ጥርሱ አይፈጥንም ወይ?

ይህን ጥያቄ በኢንተርኔት የመወያያ መድረክ ላይ የከፈትኩት እኔ ነኝ። ቅዳሜ ማታ ነበር፤ ከአዲስ አበባ ተመልሰን ደብረ ብርሃን ገና መግባታችን ነው። የ15 ዓመቷ ልጄ ብሬስ (የጥርስ ማስተካከያ ሽቦ) ካሰረች 8 ወር ሆኗታል። በየ4 ሳምንቱ 130 ኪሎ ሜትር እንሄዳለን፣ 130 እንመለሳለን። እሷ ወንበሩ ላይ የምትቆየው ግን ቢበዛ 20 ደቂቃ ነው። ትንንሾቹ ላስቲኮች ይቀየራሉ፣ ሽቦው ይታያል፣ በቃ።

የዚያን ቀን ሐኪሙን ለመንኳቸው። ጠበቅ አድርገው ይሥሩላትና በየ2 ወሩ እንምጣ አልኳቸው። እሳቸው ጥርስ በጉልበት አይሄድም ብለው ራሳቸውን ነቀነቁ። ውጪ ወረፋ ስለነበር ከዚያ በላይ አልገፋሁም። መንገዱን ሙሉ ግን ሲከነክነኝ ነበር።

እናም ማታውኑ ጻፍኩ። የልጄ የላይኛው ክራንቻዎች ቦታ አጥተው ከድዷ ከፍ ብለው ነበር የበቀሉት። ቦታ ለመፍጠር ከክራንቻዎቹ ኋላ ያሉት ጥርሶች በግራም በቀኝም አንድ አንድ ተነቀሉ። መጀመሪያ መስመሩ ሲስተካከል ቆየ። ክራንቻዎቹ ወደ ኋላ መሳብ ከጀመሩ ገና 2 ወራቸው ነው። ሲጀመር ክፍተቱ 7 ሚሊ ሜትር ነበር፤ ያን ቅዳሜ ሐኪሙ ሲለኩት 5 ሆኗል። ጥያቄዬ ይሄው ነው፦ የሚስበው ኃይል እጥፍ ቢሆን ጊዜው በግማሽ አይቀንስም? ካልቀነሰስ ለምን?

ጠዋት ስነሳ 4 መልስ ጠበቀኝ። በሳምንቱ 17 ደረሰ። አዲስ ለሚገባ ሰው እንዲመች በተራ ልተርከው።

መልስ 1

ሐዋሳ የምትኖር እናት ነች። አይዞህ ብላ ጀመረች። የእሷ ልጅ 2 ዓመት ከ3 ወር ፈጅቶበታል። ከቀጠሮ በኋላ ላሉት 3 ቀናት ገንፎና አጥሚት አዘጋጅ ብላ መከረችኝ። ጥያቄዬን ባትመልስም አክብራ ስለጻፈች ደስ አለኝ።

መልስ 2

ሲቪል መሐንዲስ ነኝ ያለ ሰው ከእኔ ጋር ተስማማ። ጭቃ የያዘውን መኪና 2 ሰው ከሚገፋው 4 ሰው ቢገፋው ቶሎ ይወጣል፣ ጥርስም ከዚህ ሕግ ውጪ አይሆንም ባይ ነው። ቀጠሮው የሚበዛው ለገንዘብ ሲባል ነው ብሎም ጨመረበት። እውነቱን ለመናገር በዚያች ሰዓት ልቤ ከሱ ጋር ነበር።

መልስ 3

ውይይቱን የቀየረው ይሄ ነው። ጸሐፊው የጥርስ ሕክምና የመጨረሻ ዓመት ተማሪ ነው። ለመሐንዲሱ በትህትና መለሰለት፤ ስህተቱን ግን አልሸፈነለትም። ጥርስ ጭቃ ውስጥ የተቀረቀረ ነገር አይደለም። አጥንቱን ሰንጥቆ አይሄድም። ከፊቱ ያለው አጥንት ሲሟሟለት፣ ከኋላው አዲስ አጥንት ሲሠራለት ነው የሚሄደው። ሥራውን የሚሠራው ሽቦው ሳይሆን የልጅቷ አካል ነው።

ከዚያ ወደ ዝርዝሩ ገባ። በጥርሱ ሥርና በአጥንቱ መካከል ቀጭን ጅማት አለ። ውፍረቱ በአማካይ 0.2 ሚሊ ሜትር ገደማ ነው፤ ሁለት የደብተር ወረቀት ተደራርቦ እንደማለት። ጅማቱ ውስጥ ደም ሥር አለ፣ ፈሳሽ አለ፣ ሴሎች አሉ። ሽቦው ጥርሱን ወደ አንድ ወገን ሲስበው ጅማቱ በዚያ ወገን ይጨመቃል፣ በሌላው ወገን ይወጠራል። በተጨመቀው በኩል ኦስቲዮክላስት የሚባሉ አጥንት አሟሚ ሴሎች ይሰበሰባሉ። በተወጠረው በኩል ደግሞ ኦስቲዮብላስት የሚባሉ አጥንት ሠሪዎች ይነሳሉ። ኃይሉ ቀለል ያለ ከሆነ ይህ ሁሉ በ2 ቀን ገደማ ውስጥ ሥራ ይጀምራል።

ኃይሉ ሲከብድስ? ጅማቱ እስኪደፈጠጥ ይጨመቃል። ደም ሥሩ ይዘጋል። እዚያ ቦታ ያሉት ሴሎች ይሞታሉ። በማይክሮስኮፕ ሲታይ ቦታው እንደ መስታወት ጠርቶ ይታያል አለ። የሞተ ቦታ ላይ ደግሞ አጥንት የሚያሟማ ሴል አይፈጠርም። ስለዚህ ሴሎቹ ከጀርባ፣ ከአጥንቱ መቅኒ በኩል፣ እየቦረቦሩ እስኪመጡ መጠበቅ ግድ ነው። ይህ አንድ ሁለት ሳምንት ይወስዳል። እስከዚያ ጥርሱ ቆሟል። ልጅቷ ግን ታማለች።

ነገሩ አዲስ እንዳልሆነም አስታወሰን። ስዊድናዊው ካርል ሳንድስቴት ውሾች ላይ ሞክሮ ይህንን የሞተ ቦታ ያየው እ.ኤ.አ. በ1900ዎቹ መጀመሪያ ነው። በ1932 ደግሞ ሽዋርዝ የሚባል ተመራማሪ ጥሩው ኃይል የትንንሾቹን ደም ሥሮች ግፊት የማያልፍ ነው ብሎ ጻፈ። ለእያንዳንዱ ስኩዌር ሴንቲ ሜትር የጥርስ ሥር ከ20 እስከ 26 ግራም ማለት ነው።

ይህን መልስ ሦስት ጊዜ አነበብኩት። ልጄ ከቀጠሮ በኋላ ባለችው ሌሊት ትራሷን አቅፋ ስትገላበጥ አይቻለሁ። በማግስቱ እንጀራ እንኳን በፊት ጥርሷ መቁረጥ አትችልም። እኔ ደግሞ ያንን እጥፍ አድርጉባት እያልኩ ነበር የለመንኩት።

መልስ 4

አንድ ሰው ቆንጆ ጥያቄ ወረወረ። በጥቂት ግራም ኃይል ጥርስ የሚሄድ ከሆነ ቆሎ ስንቆረጥም፣ አጥንት ስንግጥ ጥርሳችን ለምን ቦታውን አይለቅም? ማኘክ እኮ ኪሎዎች የሚመዝን ኃይል ነው አለ። እኔም ይሄ አልመጣልኝም ነበር።

መልስ 5

ተማሪው ወዲያው ተመለሰ። ቁም ነገሩ ጊዜው ነው አለ። ስናኝክ አንዱ ንክሻ 1 ሰከንድ እንኳን አይሞላም። በዚያች ቅጽበት ጅማቱ ውስጥ ያለው ፈሳሽ ማምለጫ ስለማያገኝ እንደ ትራስ ሆኖ ይሸከመዋል። ኃይሉ ለጥቂት ሰከንዶች ሲቆይ ግን ፈሳሹ ሾልኮ ይወጣል፣ ጅማቱ ይጨመቃል። ጥርስ እንዲሄድ ደግሞ ኃይሉ በቀን ቢያንስ 6 ሰዓት ያህል መቆየት አለበት። አውራ ጣቱን የሚጠባ ሕፃን የፊት ጥርሱ ወደ ውጪ የሚያገጥጠው ለዚህ ነው። የጣቱ ጉልበት ትንሽ ነው፤ ሌሊቱን ሙሉ ግን አይለቅም።

መልስ 6

እዚህ ላይ ወሬው ሄደ። አንዱ መጥቶ ብሬስ የሚባለው ሁሉ ቅንጦት ነው አለ። ፍንጭት በዘፈን በሚወደስበት አገር ጥርስ በሽቦ ማሰር ምን ይሉታል፣ ፈጣሪ የሰጠውን መቀበል ነው እንጂ ብሎ ተቆጣ።

መልስ 7

መልሷን የጻፈችው ወጣት አልማረችውም። ፍንጭትን ማንም አልነካብህም አለችው። እሷ የታችኛው ጥርሷ ላንቃዋን እየወጋ ስትበላ ትደማ ነበር። ለሷ ብሬስ ቅንጦት አልነበረም። ያልታመመ ሰው ስለ ሕመም ቢጠነቀቅ ይሻላል ብላ ዘጋችው። ከረር ቢልም ልክ ነበረች። ሰውየው አልተመለሰም።

መልስ 8

ይህኛው ከጥያቄዬ ቢወጣም ማለፍ አልፈልግም። ከገጠር ያደገች ሴት ናት። ሕፃን ሳለች ተቅማጥ ይዟት ግግ ነው ተብሎ ድዷ ተፈልቅቆ ያልበቀለ የወተት ጥርሷ ወጣ። በዚያው ከሥሩ የነበረው የቋሚው ክራንቻ ጽንስ ተጎዳ። ዛሬ 29 ዓመቷ ነው፤ በግራ በኩል ክራንቻ የላትም። በቀኝ ያለውም ትንሽና የተጣመመ ነው። ሐኪም ጋ ስትሄድ የሚሳብ ጥርስ ስለሌለ ሕክምናው ከባድ እንደሚሆን ነገሯት። ሕፃን ያላችሁ ለአያቶችም ንገሩልኝ፣ ያ ያበጠ ድድ በሽታ ሳይሆን ሊወጣ ያለ ጥርስ ነው ብላ ለመነች። ከመልሶቹ ሁሉ ብዙ ላይክ ያገኘው ይሄ ነው። ሊያገኝም ይገባል።

መልስ 9

ወደ ነገሩ የመለሰችን እስራኤል ውስጥ የምትሠራ ኦርቶዶንቲስት (ጥርስ የምታስተካክል ሐኪም) ናት። መጀመሪያ ተማሪውን አመሰገነችው። ቀጥላ አንድ ነገር አረመች፤ የሽዋርዝን ቁጥር እንደ ሕግ አትያዙት። አፍ ውስጥ በእያንዳንዱ ነጥብ ላይ ያለውን ግፊት የሚለካ ሰው የለም። በተመሳሳይ ኃይል የአንዱ ጥርስ ይፈጥናል፣ የሌላው ይዘገያል። በወር 1 ሚሊ ሜትር ገደማ ከሄደ ጥሩ ነው።

ከዚያ ጥያቄዬን በቀጥታ ያዘችው። ችግሩ ሕመሙ ብቻ አይደለም አለች። ክራንቻው ወደ ኋላ ሲሳብ የሚስበው ማን ነው? ከኋላ ያለው የመንጋጋ ጥርስ ነው። ገመድ ጉተታ ሲኖር ሁለቱም ወገን ነው የሚጎተተው። ክራንቻው ወደ ኋላ በተሳበበት ኃይል ልክ መንጋጋው ወደ ፊት ይሳባል። መንጋጋው ሥሩ ብዙና ሰፊ ስለሆነ ያንኑ ኃይል ተከፋፍሎ ይሸከማል፤ በቀላል ኃይል እምብዛም አይነቃነቅም። ለክራንቻው የሚበቃው ለመንጋጋው አነስተኛ ነው።

እ.ኤ.አ. በ1952 ስቶሪ እና ስሚዝ የተባሉ የአውስትራሊያ ተመራማሪዎች ይህንኑ ፈትሸዋል። ቀለል ያለ ምንጭ ሲጠቀሙ ክራንቻው ሄደ። ኃይሉን ሲያከብዱት ክራንቻው ቆመና መንጋጋው ወደ ፊት መጣ። በኋላ የመጡ ጥናቶች ትክክለኛው ልክ ይሄ ነው ተብሎ በአንድ ቁጥር አይወሰንም ብለው ተከራክረዋል። ማስጠንቀቂያው ግን እስካሁን ወንበሩ አጠገብ ይታሰባል አለች። ኃይሉ እጥፍ ቢደረግ የልጅህ ክፍተት ሊዘጋ ይችላል፤ የሚዘጋው ግን በተሳሳተው ጥርስ ነው። ያኔ ክራንቻዋ እዚያው እንደወጣ ይቀራል፣ የተነቀለው ጥርስም በከንቱ ተነቀለ ማለት ነው።

እዚህ ላይ ስልኬን አስቀምጬ ትንሽ ተቀመጥኩ። የሐኪሙ ራስ መነቅነቅ ገባኝ።

ለእኔ የመንገድ ችግርም መፍትሔ ጠቆመች። አንዳንድ ሽቦና ምንጭ ለረጅም ጊዜ እኩል ኃይል ስለሚሰጥ ቀጠሮው ወደ 6 ወይም 8 ሳምንት የሚራዘምበት ጊዜ አለ። ጠይቃቸው፣ ግን ጠበቅ ያድርጉ ብለህ አይደለም አለችኝ።

መልስ 10

አንድ ልጅ እግር ፍንጭቱን ራሱ እየዘጋ መሆኑን ጻፈ። ቪዲዮ አይቶ ተራ ላስቲክ ሁለቱ የፊት ጥርሶቹ ላይ አስሮ ይተኛል። 3 ሳምንት ሆኖታል፣ እየተጠጋጉ ነው አለ። ሐኪም ጋ ከመመላለስ ይሄ ይሻላል ብሎ ለእኔም መከረኝ።

መልስ 11

ጅዳ የምትሠራ ነርስ አሁኑኑ አውጣው ብላ ጮኸችበት። እንደሷ የተቆጣ በውይይቱ ላይ አላየሁም። ድፍረትህ ጥርስህን ያስለቅምሃል አለችው።

መልስ 12

ኦርቶዶንቲስቷ ምክንያቱን አስረዳች። የጥርስ ሥር ወደ ጫፉ እየቀጠነ ነው የሚሄደው። የታሰረ ላስቲክ ደግሞ ወደ ቀጭኑ በኩል ይንሸራተታል። አንድ ሌሊት ድዱ ሥር ይገባና ይጠፋል። ወደቀ ብለህ ሌላ ታስራለህ። እሱ ግን ውስጥ ሆኖ ጅማቱንና አጥንቱን እየቆረጠ ወደ ሥሩ ጫፍ ይወጣል። ጤነኛ የነበሩ ሁለት የፊት ጥርሶች እንደዚህ ተነቃንቀው የወለቁበት ታሪክ በሙያው የታወቀ ነው። እስካሁን ያሰራችኋቸውን ላስቲኮች ቁጠሩ፤ አንዱ እንኳን ከጎደለ ዛሬውኑ ሐኪም ጋ ሂዱ አለች። ልጁ ከ1 ሰዓት በኋላ ላስቲኩን እንዳወጣ፣ በማግስቱም እንደሚታይ ጻፈ። ይህ ውይይት ሌላ ጥቅም ባይኖረው ለዚህ ብቻ በቂ ነበር።

መልስ 13

መሐንዲሱ ተመለሰ። ስለ ገንዘብ የተናገረውን ያለ ማስረጃ ነው የተናገርኩት ብሎ አነሳው። ይህን ሁሉም ሰው አያደርገውም፤ አከበርኩት። ሆኖም በግራም አትናገሩ ብሎ ተማሪውን ያዘው። ግራም የቁስ መጠን መለኪያ እንጂ የኃይል መለኪያ አይደለም፤ 100 ግራም የምትሉት ወደ 1 ኒውተን ነው። ሐኪሞቹ እርስ በርስ በግራም እንደሚግባቡ በኋላ ተነገረው፤ እሱ ግን አልተዋጠለትም።

ቀጥሎ የጻፈው ግን ግሩም ነበር። መሬት የተተከለ የአጥር ምሰሶ ጫፉን ይዘህ ብትገፋው ይጋደማል እንጂ ቀጥ ብሎ አይሄድም። ብራኬት (ሽቦውን የሚይዘው ትንሽ ቁራጭ) የሚለጠፈው ከድድ በላይ ባለው የጥርሱ ክፍል ላይ ነው። የጥርሱ የመቋቋም ማዕከል ግን ከታች፣ አጥንት ውስጥ ባለው ሥሩ ላይ ነው። ስለዚህ መሳብ ብቻውን ጥርሱን ያጋድመዋል። ቀጥ ብሎ እንዲሄድ ከመሳቡ ጋር የሚጠመዝዝ ኃይል መጨመር አለበት። ለዚህ ነው የብራኬቱ ስንጥቅ አራት ማዕዘን የሆነው፣ በኋላ የሚገባው ሽቦም አራት ማዕዘን የሚሆነው። ክብ ሽቦ ስንጥቁ ውስጥ ይዞራል፤ ባለ ማዕዘኑ ግን እንደ መፍቻ ይይዛል። ኤድዋርድ አንግል የሚባለው አሜሪካዊ ይህን ዓይነት ብራኬት ያቀረበው በ1920ዎቹ ነው።

ስለ ሽቦ ውፍረትም አስላ። የክብ ሽቦ ዲያሜትር እጥፍ ሲሆን ግትርነቱ 16 እጥፍ ይሆናል። መጀመሪያ ላይ እንደ ክር የቀጠነ ሽቦ የሚገባው ለዚህ ነው። ልጄን ጠርቼ የመጀመሪያ ቀን የገባላትን ሽቦ አስታወስኳት። ኒኬልና ቲታኒየም ነው፤ ሐኪሙ ትርፉን ቆርጠው ሰጥተዋት ስለነበር ከደብተሯ መሐል አወጣችው። በጣቴ አጠፍኩት፣ ስለቀው ቀጥ አለ። ደግሜ አጠፍኩት፣ ደግሞ ቀጥ አለ። አፏ ውስጥም ያደረገው ይህንኑ ነው፤ ጠማማውን መስመር ተከትሎ ታጠፈ፣ ከዚያ በቀስታ ወደ ራሱ ቅርጽ ሲመለስ ጥርሶቹን ይዟቸው መጣ።

መልስ 14

የፋርማሲ ባለሙያ ስለ ማስታገሻ ጻፈ። ሕመሙ የሚበረታው በ1ኛው ቀን አካባቢ ነው፣ ከዚያ ይቀንሳል። አይቡፕሮፌን የሚያግዳቸው ፕሮስታግላንዲኖች አጥንት አሟሚዎቹን ሴሎች ከሚቀሰቅሱት መካከል ስለሆኑ ብዙ ሐኪሞች ፓራሲታሞልን ያስቀድማሉ። አንድ ሁለት ቀን መውሰድ ሕክምናውን አያበላሽም፤ ለሳምንታት መዋጥ ግን ተገቢ አይደለም። ለልጅ ሲሆን መጠኑን ሐኪሟን ጠይቅ አለኝ።

መልስ 15

አሜሪካ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ የምትኖር ሴት ስለ ሪቴይነር፣ ማለትም ከብሬስ በኋላ ጥርሱ ወደ ድሮው እንዳይመለስ ስለሚይዘው ነገር፣ አነሳች። ብሬሷ ከወጣ በኋላ ሪቴይነሩን 4 ወር ካደረገች በኋላ መሳቢያ ውስጥ ጣለችው። በዓመቱ የታች ጥርሶቿ ተመልሰው ተደራረቡ። ተማሪው ምክንያቱን ነገራት። አጥንቱ ቢደላደልም ድዱ ውስጥ ያሉት እንደ ላስቲክ የሚለጠጡ ቃጫዎች እንደተወጠሩ ይቆያሉ። እነሱ አዲሱን ቦታ እስኪለምዱ 1 ዓመትም ከዚያ በላይም ይፈጃል፣ እስከዚያ ወደ ድሮው ይስባሉ። ይህን ለልጄ ጮክ ብዬ አነበብኩላት።

መልስ 16

አጭር ነች። ኢምፕላንት (አጥንት ውስጥ የሚተከል ሰው ሠራሽ ጥርስ) ያስተከለ ሰው የእኔስ ጥርስ በብሬስ ይሳባል ወይ ብሎ ጠየቀ። አይሳብም ተባለ። ኢምፕላንት ጅማት የለውም፣ በቀጥታ ከአጥንቱ ጋር ነው የተጣበቀው። በዚሁ ምክንያት ኦርቶዶንቲስቶች አንዳንዴ በድዱ አልፈው አጥንቱ ውስጥ ትንሽ ብሎን ያስገቡና መንጋጋውን ትተው ከሱ ይስባሉ። ያኔ ገመድ ጉተታው ከዛፍ ጋር ይሆናል።

መልስ 17

ከዚህ በኋላ ስለ ቆሎ ሆነ። ብራኬት የነቀለባቸው ሰዎች ተሰባሰቡ። አንዱ በፈንዲሻ፣ አንዷ በበቆሎ እሸት፣ ሌላው በዳቦ ቆሎ ነቅሏል። የሐዋሳዋ እናት ልጇ በሸንኮራ አገዳ በአንድ ቀን 3 እንዳወለቀ ጻፈች።

መልስ 18

የመጨረሻዋን የጻፍኩት እኔ ነኝ፣ ከሚቀጥለው ቀጠሮ ስንመለስ። ያን ቀን ጠበቅ ያድርጉ አላልኩም። መንጋጋዋ ወደ ፊት መጥቷል ወይ ብዬ ነው የጠየቅኩት። ሐኪሙ ቀና ብለው አዩኝ፣ ወንበር ስበውም አስቀመጡኝ። መጀመሪያ የወሰዱትን የጥርሷን ቅርጽ በጂፕሰም የተሠራውን አምጥተው ከአፏ ጋር አስተያዩልኝ። መንጋጋው ያለበት አለ። በቀኝ በኩል ክፍተቱ 4 ሚሊ ሜትር ሆኗል፣ በግራ 4 ተኩል። ክራንቻዎቹ ተራ ሲይዙ ቀጠሮውን ወደ 6 ሳምንት እንደሚያራዝሙልን ነገሩኝ።

ለመላሾቹ ሁሉ ቁጥሮቹን ጻፍኩላቸው። ልጄ አጠገቤ ሆና በስልኳ መብራት አፏን በመስታወት እያየች ነበር፣ የግራው ለምን ዘገየ ብላ።